ቀማሹ

የቦሌው ቪላ ለካድሬው ለገብረዋሕድና ለሚስቱ ለመብራት የተሰጠው፣ ባለቤቱ ሽማግሌ በተረሸኑ ማግስት ነው፤ ከነውስኪያቸው።

ዛሬ መብራት በዚያው ውስኪ ባሏ የሚወደውን ኮክቴል ስትሠራ፣ ሎሚና ስኳር ጨምራ የጥሬ እንቁላል ነጭ መታችበት። ጥሬ እንቁላል በመጠጥ!

«ምነው ቆየሽ?» አላት ገብረዋሕድ ከሳሎን። «ጓድ ኤርሳዶን እኮ አስጠማሻቸው!»

«ቀምሼው መጣሁ!»

ለእንግዳ ሳይቀምሱ ማቅረብ ነውር ነውና፣ መዳፏ ላይ ጥቂት ጠብ አደረገች። ወደ አፏ ሳታደርሰው ግን አንዳች ሻካራና ሞቃት ነገር መዳፏን ጥርግ አድርጎ ላሰው። ዝልግልግ ለሃጭና አንዲት ሽበት ቀረባት።

ዞር አለች፤ ማድ ቤቱ ባዶ ነው። እየተጸየፈች እጇን በሽርጧ ስትጠርግ፣ ከጆሮዋ ሥር አንድ አፍ ቀስ ብሎ ሲያጣጥም ሰማች።

«ስኳር ያንሰዋል፣ ልጄ።»