ስም ያልተጻፈበት ዲስክ

ናሁሰናይ በሞተ በዓመቱ እናቱ ወይዘሮ ይርገዱ ከመሳቢያው ውስጥ ስም ያልተጻፈበት ዲስክ አገኙና ለሥራ ባልደረባው ለትብለጥ አሳዩዋት።

“ቫይረስ ሊኖረው ስለሚችል በእሱ ኮምፒውተር አንክፈተው” አለቻቸው። ኢንተርኔት በሌለው አሮጌ ላፕቶፕ ፈትሻ ከፈተችው። ናሁሰናይ ራሱ የሠራው ፕሮግራም ነበር። የካሜራው መብራት በራና የሟቹ ድምፅ ተሰማ።

“ይሄ የእናቴ ፊት አይደለም። እባካችሁ እሷን ጥሩልኝ።”

ትብለጥ ደንግጣ ተነሣች። “የእርስዎን ፊት እንዲለይ አድርጎ ነው የሠራው፣ እማማ። ይቀመጡ፤ የሚነግርዎት ነገር አለ።”

ወይዘሮ ይርገዱ በእሷ ቦታ ተቀመጡ። ነጠላቸውን ገለጥ አድርገው ሐዘን ያጠቆረውንና ያከሳውን ፊታቸውን ወደ ካሜራው አስጠጉ።

“አለሁ ልጄ” አሉ።

መብራቱ ብልጭ ድርግም ሲል ቆየ።

“እናቴስ?” አለ ድምፁ። “ቤት የለችም እንዴ?”