የማይመሸው እሑድ

ጣቴን ሻዩ ውስጥ ነከር አደረግኩ። በረዶ ሆኗል። አሁን ከማንቆርቆሪያው ስቀዳው እንፋሎቱ መነጽሬን ያደበዘዘው ሻይ ሹፌር የነበረው ተማሪዬ ፊት ከመድረሱ ቀዘቀዘ።

ፈተናው ይኸው ነው። ትኩስ ሻይ ይሰጥሃል፣ ደወል እስኪደወል ድረስ የሻዩን ሰዓት ይዘህ ታቆየዋለህ፣ አይቀዘቅዝም። በዚህ የጊዜ ትምህርት ቤት ከዚህ የቀለለ ፈተና የለም። ጢማቸው በቅጡ ያልበቀለ ልጆች ምላስ የሚልጥ ሻይ አስረክበውኝ ወጥተዋል። እሱ ግን ዛሬም ከወደቀ መሰናበቱ ነው። ክፍል ውስጥ ከማንኮራፋት በቀር ሌላ ነገር ሲሠራ አይቼው አላውቅም። ልጆቹ «ጋሽ እንቅልፍ» ይሉታል፤ እውነቱን ለመናገር እኔንም አንድ ሁለቴ አምልጦኛል።

ልቆጣው አፌን ስከፍት ግራ እጁን አየሁ። ኪሱ ውስጥ ከትቶ ጨብጦታል። አውጣው አልኩት፣ እንዳልሰማ ሆነ። ራሴ ጎተት አድርጌ ሳወጣው ጣቶቹ መሃል ክር አለ። ከእኛ ሙያ ውጭ ያለ ሰው የማያየው ቀጭን ክር ነው፤ በመስኮቱ ወጥቶ ወደ ከተማው ይሄዳል። ሰውዬው ሰነፍ አይደለም ለካ። እጁ ሙሉ ነው።

«የማንን ሰዓት ነው የያዝከው?»

«የእናቴን» አለ።

ቀስ እያለ ነገረኝ። እናቱ ከረሳችው ቆይቷል። ማታ ቤት ሲገባ መብራት ቆጣሪ ሊያነብ የመጣ ሰው ይመስላትና በትሕትና ወደ ቆጣሪው ትመራዋለች። እሱም እንዳይከፋት ብሎ ያነብላታል። ታዲያ አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ፣ ከየት እንደመጣላት እንጃ፣ ቀና ብላ «ማሙሽዬ፣ በልተሃል ወይ?» አለችው። ያኔ እዚህ ከተመዘገበ ገና ጥቂት ቀኑ ነበር። እንዴት እንዳደረገው ባያውቅም ያንን ሰዓት አፈፍ አድርጎ ያዘው፣ እስካሁንም አልለቀቀውም። ውጭ ሳምንታት ሲያልፉ እዚያ ክፍል ውስጥ ያው እሑድ ነው፤ ፀሐይዋም ከግድግዳው ላይ ፈቀቅ አላለችም።

በተያዘ ሰዓት ውስጥ ያለ ሰው አይርበውም፣ አይጠማውም። የያዘው ሰው ግን ከገዛ ዕድሜው ላይ ነው የሚቆረስበት። እዚህ ሲመጣ ጥቁር የነበረው ጸጉሩ አሁን ጆሮ ግንዱ ላይ ነጭ ነው። ለዚህ ነው ደንባችን ሰው አይያዝም የሚለው። እኛ መምህራን አንገታችን ላይ ትንሽዬ መቀስ የምናንጠለጥለውም ለጌጥ አይደለም።

እጄ ወደ መቀሱ ሲሄድ አየኝ።

«መምህር፣ እባክዎን» አለ። «እኔን ያባሩኝ። እሷን ግን ይተዉልኝ።»

አንጀቴን በላው። ቢሆንም መቀሱን አልለቀቅኩም። እንደው ለመሆኑ ይህን ሁሉ ጊዜ ምን ምን ተጫወታችሁ ብዬ ጠየቅኩት።

ግራ ገባው። ከዚያ አንገቱን ደፋ። ድሮ አውቶቡስ ይነዳ ነበር፤ እንቅልፉ ከመሪው አውርዶ ጋራዥ አስገብቶታል። ቀን እዚያ ይውላል፣ ከዚያ ሳይደክም መያዝን ልማር ብሎ ወደ እኛ ይመጣል፣ ቤት ሲደርስ ክሩ ጉልበቱን ጨርሶት ጫማውን ሳያወልቅ እግሯ ሥር እንቅልፍ ይጥለዋል።

«በልተሃል ወይ ላለችኝ እንኳን» አለ፣ «እስካሁን አልመለስኩላትም።»

መቀሱን ደረቴ ላይ መልሼ እጄን ዘረጋሁለት።

«ክሩን ለእኔ ስጠኝ። ሂድና አጫውታት። እስክትጨርሱ እይዝልሃለሁ። ከዚያ በኋላ ግን መቁረጤ አይቀርም፣ አልዋሽህም።»

ብዙ ካቅማማ በኋላ ሕፃን እንደሚያቀብል ሰው በሁለት እጁ አቀበለኝ። ዓይኑ ወዲያው በራ። ሲነሳ ረጅም ሰው መሆኑን ያን ቀን ገና ማየቴ ነው። ደረጃውን እየዘለለ ሲወርድ ሰማሁት።

እኔ ግን የክሩ ክብደት ጎትቶኝ የተማሪዎቹ አግዳሚ ላይ ዘጭ አልኩ። ይህንን ተሸክሞ ነው እንግዲህ ሲመላለስ የከረመው። ጋሽ እንቅልፍ ያልኩባት አፌን በጥፊ ማለት አማረኝ።

ክር የያዘ ሰው በወዲያኛው ጫፍ ያለውን ይሰማል። ላለመስማት ሞክሬ ነበር፣ ግን በየትኛው እጄ ጆሮዬን ልያዝ? በሩ ተከፈተ። በልተሃል ወይ አለችው። አልበላሁም እማ አላት። ሳህን ተንኳኳ። ጸጉርህን እንዲህ የከረከመህ ማነው ብላ ተቆጣችው፣ ስለ ጋራዡ አለቃ ሲነግራት ከልቧ ሳቀች፣ ድስት ተውሳ ያለ ክዳን የመለሰች ጎረቤታቸውን አንስተው እየተቀባበሉ አሟት። አለቀስኩ፣ ምን ይደበቃል። የእኔ መስኮት ጨልሞ ጽዳት ሠራተኛዋ መጥታ መብራት አበራችልኝ። ታመሙ እንዴ ስትለኝ ሥራ ላይ ነኝ አልኳት።

ክንዴ መዛል ሲጀምር የእናቱ ድምፅ ዝቅ አለ።

«ማሙሽዬ» አለችው፣ «ዛሬ ምን ዓይነት የማይመሽ ቀን ነው? ደከመኝ እኮ፣ ልጄ።»

ገና ነው ይላት ይሆን ብዬ ጠበቅኩ። እጄ መቀሱ ላይ ደርሶ ቆመ።

«እሺ እማ» አላት በመጨረሻ። «አሁን ይመሻል። ነይ፣ ጋደም በይ።»

ብርድ ልብስ ሲገለጥ፣ አልጋ ሲንቋቋ ሰማሁ። እሑዱ በራሱ መሸ፤ ክሩም ሳልቆርጠው እጄ ላይ ረገበ።