የጥርጣሬ ቀናት

በአዲሱ ሕግ መሠረት፣ ሐኪሞች በሟቹ አሟሟት ካልተስማሙ፣ በነፍስ ግድያ የተከሰሰ ሰው ዋስትና የሚያገኘው በጥርጣሬው ልክ ነበር። ምናሉ በአጥር ጉዳይ ከታላቅ ወንድሙ ከይርጋ ጋር ተጣልቶ ገፈተረው፤ ይርጋ ወደቀና ሞተ። አስከሬኑን ከመረመሩት ሰባት ሐኪሞች አራቱ «የገደለው አወዳደቁ ነው» ሲሉ፣ ሦስቱ «ሳይወድቅ በፊት ልቡ ቆሞ ነበር» አሉ። ስለዚህ ምናሉ በሳምንት አራት ቀን ይታሰራል፤ ሦስቱን ቀን እናቱ ቤት ይሰነብታል።

እናታቸው ወይዘሮ ጥሩአየር ምናሉ ሲመጣ ነጭ ይለብሳሉ፤ ሲወስዱት ጥቁሩን መልሰው ያጠልቃሉ። ጎረቤቱም መቼ እንደሚያጽናናቸው ግራ ገባው።

ምናሉ ቤት በነበረበት አንድ ማክሰኞ የፍርድ ቤት መልእክተኛ መጣች።

«እማማ፣ አንዱ ሐኪም ሐሳቡን ቀይሯል። አንድ ቀን ይጨመርልዎታል፤ የትኛው ይሁን?»

«እሑድ ይሁንልኝ» አሉ።

ምናሉ አንገቱን ደፋ። እሑድ እናቱ የይርጋን መቃብር የሚጎበኙበት ቀን ነው።

እሑድ ደረሰና አብረው ሄዱ። ምናሉ ግን ከቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር በር አላልፍ አለ።

«እማዬ፣ የገፈተርኩት እኔ ነኝ። ምን ብዬ ፊቱ እቆማለሁ?»

«ይህንኑ ብለህ ነዋ። ለዳኛውም ለሐኪሞቹም ተናግረሃል፤ ለእሱ ግን እስካሁን አልነገርከውም።»

ክንዱን ይዘው አስገቡት። መቃብሩ ጋ ሊደርሱ ጥቂት እርምጃ ሲቀራቸው ለቀቁትና፣ ወንድማማቾቹን ብቻቸውን ትተው ወደ ኋላ ቀሩ።