የታረመው እርሻ

ሚፍታ ከፎቶ ኮፒ ቤቱ ለዙህር ሶላት ሲወጣ ኮምፒዩተሩን ሳይዘጋው ሄደ። ጋሽ ኃይለየሱስ እንደ ልማዳቸው የጌም እርሻቸውን ሊከፍቱ ጎንበስ ሲሉ፣ አይተውት የማያውቁት ትንሽ መስኮት ስክሪኑ ላይ ተዘርግቶ ጠበቃቸው። አናቱ ላይ የእርሻቸው ስም ተጽፏል፤ በትውልድ መንደራቸው ስም "ሳጉሬ" ብለውታል። ከሥሩ በእንግሊዝኛ ሁለት ረድፍ ቁጥር አለ፤ በግራ የነበረው፣ በቀኝ የተቀየረው። ላም፦ ዜሮ፣ አስራ ሁለት። ስንዴ፦ ዜሮ፣ አራት መቶ ኩንታል።

መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉና ደግመው አነበቡት። ሠላሳ ሁለት ዓመት ጂኦግራፊ ያስተማረ ሰው ሠንጠረዥ ማንበብ አያቅተውም።

ለሌላው ጌም ይሁን እንጂ ለእርሳቸው ፈተና ነበር። ልጃቸው የምስራች "አባዬ፣ መርሳት አብዝተሃል፣ መጥቼ ልውሰድህ" ማለት ስትጀምር ፈተናውን ራሳቸው ለራሳቸው አወጡ፤ እርሻውን በወጉ ካስተዳደሩ አእምሯቸው ደህና ነው። በሳምንት ሦስት ቀን የሚፍታ ፎቶ ኮፒ ቤት ጥግ ተቀምጠው ይዘራሉ፣ ያጭዳሉ፣ ከብት ያጠጣሉ። እርሻውም እንደ ጉድ ለመለመ። ዛሬ ጠዋት የምስራች "ቅዳሜ አሰላ ነኝ፣ ዕቃህን አዘጋጅ" ብትላቸው፣ "አስራ ሁለት ላም አንድ ቀን ውሃ ሳላጓድል የማስተዳድር ሰው ነኝ፣ የትም አልሄድም" ብለው ስልኩን ጆሮዋ ላይ ዘጉባት።

ሚፍታ እጅጌውን እያወረደ ተመለሰ።

"ቲቸር፣ ሻይ ልዘዝልዎት?" አለና ስክሪኑን ሲያይ በሩ ላይ ቆመ።

"ይህ ምንድን ነው?"

"ፕሮግራም ነው። ሴቭ የተደረገ ጌም ከፍቶ ቁጥር የሚቀይር።"

"ቀያሪው ማነው?"

"እኔ። ወላሂ ቲቸር፣ ለክፉ አይደለም። ውሃ ማጠጣት ይረሳሉ፣ ላሞቹ ይሞታሉ። የዘሩትን ሳያጭዱ መልሰው ያርሱታል። እንዳይከፋዎት ብዬ፣ ሲሄዱ አስተካክለዋለሁ።"

"ከመቼ ጀምሮ?"

"ከጥቅምት። መጀመሪያ አንድ ሁለት ላም ነበር የምጨምረው። አሁን አሁን ግን…"

ከጥቅምት እስከ ግንቦት። ያመኑት ፈረስ ጣለ በደንደስ ይባላል። ጋሽ ኃይለየሱስን ያንገበገባቸው ግን መውደቁ ብቻ አይደለም፤ ፈረስ ላይ ያሉ መስሏቸው ይህን ሁሉ ወር ሲፎክሩ ከርመዋል። ያውም ይህ ልጅ አጠገባቸው ቆሞ "ጎበዝ፣ ቲቸር!" እያላቸው።

"አስረኛ ክፍል ሳለህ ስትኮርጅ ይዤህ ስንት ሰጠሁህ?"

"ዜሮ።"

"ታዲያ የእኔን ዜሮ ደብቅልኝ ያለህ ማነው? ልጄን በውሸት ተሟገትኳት እኮ! ለገዛ ልጄ ዋሸሁ!" ፎቶ ኮፒ ልታስደርግ የቆመች አንዲት ሴት ዞር ብላ አየቻቸው። "ያልነካኸው አለ?"

"ባለፈው ሐሙስ ትተውት የሄዱት፣ ሳልነካው ቅጂውን ያስቀመጥኩት አለ። ግን ይቅርብዎት፣ ቲቸር፣ በአላህ።"

"ዜሮዬን አምጣ አልኩህ!"

ሚፍታ አንገቱን ደፍቶ ከፈተው። ማሳውን አረም ውጦታል። በረቱ ወና ሆኗል፤ አንዲት ጥጃ ብቻ ከደረቀው ገንዳ አጠገብ ቆማለች።

ጋሽ ኃይለየሱስ ወንበር ስበው ተቀመጡ። ጥጃዋ አልሞተችም፤ ውሃ ካገኘች ትተርፋለች። ጣታቸው ወደ ኪቦርዱ ሄደ፣ አንድ ቁልፍ ላይ ቆመ፣ ወደ ሌላው አለፈ፣ ተመለሰ። ሚፍታ ሊያሳያቸው እጁን ዘረጋ።

"እንዳትነካ!"

እጁን ሰበሰበ። ጥጃዋ ቆማለች። ጋሽ ኃይለየሱስ ጣታቸውን በአየር ላይ እንዳንጠለጠሉ፣ ውሃ የሚያጠጣው ቁልፍ የትኛው እንደነበር ያስባሉ።