ያና ስትራመድ

«እማዬ፣ ምነው ደረቅሽ? ተንቀሳቀሺ እንጂ።»

ዝላታ ንቅንቅ አላለችም። የሻሿን ጫፍ ሸጉጣ፣ የልጅ ልጇን ያናን እንደ ዱባ ደረቷ ላይ ለጥፋ፣ አንገቷን አቅንታ ቆማለች። ካሜራ ፊት የተነፈሰ ሰው ፎቶው እንደሚበላሽ ከኮረዳነቷ ጀምሮ ታውቃለች።

«ፎቶ አይደለም'ኮ፣ ፊልም ነው» አላት ልጇ ፔንቾ፣ አንድ ዓይኑን ጨፍኖ። «የማይንቀሳቀስ ነገር ብፈልግማ ምድጃውን እቀርጽ ነበር።»

«ታዲያ ቀድመህ አትናገርም?»

ፔንቾ ዳኑብ ወንዝ ላይ የጭነት ጀልባ ሠራተኛ ነው። ያና ስትወለድ ወንዙ ላይ ነበር፤ ጥርስ ስታወጣም፣ አፏን ስትፈታም እዚያው። ካሜራውን የገዛው «የመጀመሪያ እርምጃዋ እንኳ አያመልጠኝም» ብሎ ነው። ነገ ጎህ ሲቀድ ደግሞ ይሄዳል።

ሚስቱ ሮሲካ ነጭ ጨርቅ ዘርግታ ድቡልቡሉን ዳቦ አንከባለለችበት። ጫፉ ላይ መቀስ፣ ማበጠሪያ፣ እርሳስ ደረደረች፤ ልጅቷ ያነሳችው የእንጀራ ገመዷ ይሆናል። በአገሩ ይህ ወግ የሚፈጸመው ልጅ ከተራመደ በኋላ ነው፤ አባት መንገደኛ ሲሆን ግን ወጉ እግርን ይቀድማል።

«ያውርዷት እንጂ እማማ» አለች ሮሲካ። «ከሐሙስ ጀምሮ ከክንድዎ አልወረደችም። በዚህ አያያዝ ለሠርጓም አዝለው ነው የሚወስዷት።»

ዝላታ ልጅቷን ይበልጥ ጠበቅ አደረገቻት። ሐሙስ ዕለት ወጥ ቤት ተቀምጣ ጣሳ ውስጥ ባቄላ ስትፈለፍል፣ ይህቺ ጉድ የጣሳውን ኳኳታ ሰምታ የያዘችውን ወንበር ለቃ ቀጥ ብላ መጥታ ጉልበቷን ይዛለች። ዝላታ ጎረቤት ልትጠራ አፏን ከፈተች፤ የልጇ ፊት ትዝ ሲላት መልሳ ገጠመችው። ከዚያ ወዲህ ሰው ባለበት መሬት አላስነካቻትም። ወገቧ ምስክር ነው።

አሁን አወረደቻት። ካሜራው ጠጠጠጠ ይል ጀመር። ያና ቁጭ ብላ ዳቦውን ትገምጥ ያዘች።

«ነይ የኔ እርግብ፣ ነይ ወደ አባትሽ» ይላል ፔንቾ። እርግቢቱ ታኝካለች። «ፊልሙ እያለቀ ነው» አለ፤ ድምፁ ቀጠነ።

ዝላታ ወጥ ቤት ገባች። ባቄላ በጣሳ ይዛ ተመለሰችና ከፔንቾ ጀርባ ቆማ፣ ረጋ ብላ ነቀነቀችው።

ያና ዳቦውን ጣለች። ተነሳች። መቀሱንም፣ ማበጠሪያውንም፣ እርሳሱንም ዞር ብላ ሳታይ፣ ሳትንገዳገድ፣ ገበያ እንደረፈደባት ሴት ሽው ብላ መጥታ የአባቷን ሱሪ ጨበጠች።

ፔንቾ ካሜራውን ከዓይኑ አላወረደም። ከሥሩ ጉንጩ ረጥቧል።

የካሜራው ጠጠታ ቆመ። ፔንቾ ልጅቷን አየ፤ ጣሳውን አየ፤ ከዚያ እናቱን።

«እማዬ፣ የመጀመሪያ እርምጃ እንዲህ ነው እንዴ?»

«እግሩማ ነበራት» አለች ዝላታ። «ካሜራውን ነው የጠበቀችው።»