የመስኮቱ ጄድ

"ከኔ ይልቅ ለዚህ ቅጠል ትጨነቂያለሽ!" አለና ባሏ፣ ጄድ የሚባለውን ተክሏን ከነሸክላው አንስቶ ወረወረባት። ጎንበስ ባትል ኖሮ አናቷን ይፈረክሰው ነበር። ሸክላው ከግድግዳው ተላትሞ እንክትክት አለ፤ አሥራ አንድ ዓመት መስኮቱ ሥር ውሃ እንዳይበዛበት እየቆጠበች ያሳደገችው ተክል ትልቁ ቅርንጫፉ ከግንዱ ተገነጠለ፤ ወፋፍራም ቅጠሎቹ ወለሉን ሞሉት። ይሄ አልበቃው ብሎ በጥፊ አጮላት። ከንፈሯ ተሰንጥቆ ደሟ በአገጯ ወረደ።

ደሙን ሲያይ ግን ቁጣው ብን ብሎ ጠፋ። እንደ ልማዱ ተንበረከከ። አፈሩን በእጁ እያፈሰ ድስት ሞላ፤ የተገነጠለውን ትልቁን ቅርንጫፍ ሰካበትና አንድ ብርጭቆ ውሃ ቸለሰበት። "ምን ሰይጣን እንደጋለበኝ እንጃ። ይኸው እንደነበረ አደረግኩልሽ፤ በቃ እርሺው" አለ እየተንሰቀሰቀ።

እሷ ቅርንጫፉን ከጭቃው መዝዛ አወጣችው። የተገነጠለበትን ጫፍ በቀሚሷ ጠራረገች፤ በሻሿ ጠቅልላም ቦርሳዋ ውስጥ ከተተችው።

"ምነው፣ ምን አጠፋሁ?"

"ቁስሉ ሳይደርቅ ከተተከለ ይበሰብሳል።"

"ታዲያ ለመድረቅ ስንት ቀን ይፈጅበታል?"

"እሱስ ሳምንት ይበቃዋል" አለችና በሩን ከፈተች።