የፅጌረዳ ድርሻ

ፋናዬ ከከተማው ዳር፣ ከኢቶቢኮ ሁለት አውቶቡስ ቀይራ ነው የመጣችው። ቅዳሜ ሲሆን ቤቷ ይጠባታል። አንድ ክፍል ለአንድ ሰው ሊጠብ አይገባም ነበር፤ ግን ይጠባል። ዓርብ ከመጋዘኑ ስትወጣ «መልካም ዊክኤንድ» የሚላትን ዘበኛ ካልቆጠርነው፣ እስከ ሰኞ ድረስ የሚያናግራት ሰው የለም።

ገበሬዎች ምርታቸውን የሚሸጡበት ገበያ መግቢያ ላይ ሰባት ሰዎች ተሰብስበዋል። የምታዞራቸው ሚሊና የምትባል ሰርቢያዊት ናት፤ ቅዳሜ ቅዳሜ የአገሯን ምግብ ከሻጭ ወደ ሻጭ እየወሰደች ታስቀምሳለች። ከሰዎቹ መሀል አንድ ሐበሻ አለ። በደንብ የተተኮሰ ሸሚዝ ለብሶ፣ ሁለት ትኬት ይዞ፣ ዓይኑን ከመንገዱ ላይ አልነቀለም።

«ሐበሻ ነዎት?» አላት ሲያያት።

«ነኝ። ኧረ አንቺ በለኝ» አለችው። እርስዎ መባሉ ቆጠቆጣት። ቢበዛ በሁለት ዓመት ብትበልጠው ነው።

«አምሃ እባላለሁ። ይገርማል! ሐበሻ የማይደርስበት ቦታ ይሁን ብላ የመረጠችው እሷ ነበረች፤ ይኸው አንቺ ደረስሽ።»

«እሷ ማን ናት?»

አምሃ ሰው ያገኘ ጊዜ የማይቆጥብ ሰው ነው፤ ነገራት። ፅጌረዳ ትባላለች። በኢንተርኔት ተዋውቀው ስምንት ወር በየቀኑ ተጻጽፈዋል። ድምጿን ሰምቶ አያውቅም። «ኮል ላድርግ ስላት ሁሌ ሽፍት ላይ ናት» አለ። ዛሬ ለመጀመሪያ ጊዜ ሊገናኙ ነው። ብላክቤሪውን አውጥቶ ፎቶዋን አሳያት፤ ሠላሳ ያልሞላት፣ በፍንጭት ጥርሷ የምትስቅ ልጅ።

ፋናዬ ስልኩን ቶሎ መለሰችለት። «ቆንጆ ናት» አለች፣ ደስ ሳይላት።

«ዛሬ ካልመጣች በቃኝ። ሁለተኛ አልጽፍላትም።»

ፋናዬም ትኬቷን አሳየች፤ ሚሊና ጉብኝቱን ጀመረች። በእነሱ ወግ እንግዳ መጀመሪያ የሚቀበለው አንድ ማንኪያ የፍራፍሬ ጣፋጭና አንድ ብርጭቆ ውሃ ነው። ተቀበሉ። ቀጥሎ አይቫር የሚሉት፣ ከተጠበሰ ቀይ ቃሪያ የሚሠራ ማባያ በዳቦ ላይ ተቀብቶ መጣ።

አምሃ የራሱን ጎረሰ። በሁለተኛው ትኬት የተሰጠውን ግን በሶፍት ጠቅልሎ በፌስታል አስቀመጠ።

«አልጣፈጠህም?» አለችው ሚሊና።

«የሰው ድርሻ ነው። እስካሁን አልመጣችም።»

ሚሊና የሞተች ሚስት ያለችው መስሏት አማተበች፤ ከዚያ ወዲያም ለፌስታሉ የሚሆነውን ተለቅ እያደረገች ትቆርስለት ጀመር።

«ይኼማ በርበሬ የረሱበት ድልህ ነው» አለ አምሃ ዝቅ ብሎ።

ፋናዬ አፏን በመዳፏ ሸፍና ሳቀች። እንዲህ ከሰው ጋር ከሳቀች ስንት ጊዜዋ! ሰውዬው ደስ አላት። እንዲያውም እውነቱን እንናገር ከተባለ ወዳዋለች፤ አጠገቡ ሆና ካይማክ የሚሉትን የወተት ክሬም ስትቀምስ ቀኑ ባይመሽ ብላ ተመኘች።

ኬክ ሻጩ ዘንድ ሲደርሱ ሳህኑን ከፊቱ ገፋ አደረገችው። «ነት፣ ለውዝ ነገር አለበት፤ ተወው።»

«አተረፍሽኝ! ገላዬን ነው የሚያሳክከኝ» አለና ለፌስታሉ ብቻ ጠቀለለ።

በዚህ መሀል ሰማያዊ ሻርፕ ያደረገች ሐበሻ ልጅ በአበባ ሻጮቹ በኩል ብቅ አለች። አምሃ ሰው እየገፋ ሮጠ።

እሷ አይደለችም፣ አለች ፋናዬ በሆዷ፣ ገና ሳይደርስባት። አልነበረችም። ልጅቷ ይቅርታውን በእንግሊዝኛ ተቀብላ ሄደች። አምሃ ሲመለስ ትከሻው ወርዷል። እንዲህ ያለውን ሰው በገበያ መሀል የምታንከራትት ሴት! ፋናዬ በዚያች ሰዓት ፅጌረዳን ከልቧ ጠላቻት።

«ምናልባት እየዋሸችኝ ይሆን?» አለ። «የመጀመሪያ ሚስቴ ስትዋሸኝ ነው የኖረችው። ሁለተኛ የሚዋሸኝን ሰው ዓይኑንም አላይ።»

ፋናዬ ፊቷን ወደ አበባ ሻጮቹ አዞረች።

ጉብኝቱ አለቀ። ሚሊና እያንዳንዳቸውን ሦስት ሦስት ጊዜ ስማ አሰናበተች። አምሃ ብላክቤሪውን አየ፤ ምንም የለም። ፌስታሉን ለፋናዬ ዘረጋላት።

«እንኪ፣ አንቺ ብዪው።»

«ኧረ በፍጹም! የሰው ድርሻ?»

«በሞቴ!»

በሞቴ ከተባለ መብላት ነው። እዚያው ቆማ፣ እሱ እያያት፣ የራሰውን ዳቦ፣ ክሬሙን፣ ኬኩን አንድ ባንድ በላችው። ዓይኗ እንባ አቀረረ።

«ምነው?» አላት።

«ቃሪያው ነው።» አፏን ጠረገች። «አንድ ዕድል ብቻ ስጣት፣ አምሃ።»

«ለማታውቂያት ሴት ምን ያከራክርሻል?»

«ብቻውን የከረመ ሰው ይፈራል። እኔ አውቀዋለሁ።»

አምሃ ባዶውን ፌስታል አጣጠፈ። «እሺ፣ ስላንቺ ስል። ሰብዌይ እስክገባ ከጻፈች ከጻፈች ነው፤ ካልሆነ በቃ። በይ ደህና ሁኚ፣ እህቴ። ጥሩ ሰው ነሽ።»

ወደ ሰፈሩ ወደ ዳንፎርዝ የሚወስደውን ባቡር ሊይዝ ሄደ። ፋናዬ ከጀርባው እያየችው ቆየች፤ ሁለት መንገድ ቢሻገር ጣቢያው ነው።

አውቶቡስ ማቆሚያው አግዳሚ ላይ ተቀምጣ ስልኳን አወጣችና «አምሃዬ፣ ይቅር በለኝ፤ ሳላስበው ሥራ ጠሩኝ፤ ያንተዋ ፅጌረዳ» ብላ ላከችለት።